ሣሩን የተቀበለ እጅ

ቡታጅራ፣ ጥቅምት 12 ቀን 1965 ዓ.ም.

ለምወድህ ለእህቴ ልጅ ለፈቃደ፣

ከሁሉ አስቀድሞ የናፍቆት ሰላምታዬ ካለህበት ይድረስህ። እንደምን ከርመሃል? እኔ ከጉልበቴ በቀር ደህና ነኝ፤ እሱም ቢሆን ክረምቱ ከወጣ ወዲህ ምሕረት አድርጎልኛል።

ነጋዴው ሙስተፋ በርበሬ ጭኖ አዲስ አበባ ደርሶ መጣ። መርካቶ አንድ ሬዲዮ ጠጋኝ ሱቅ ደጃፍ ሰው ተሰብስቦ አይቶ ጠጋ ቢል፣ አንተ ቴሌቪዥን በሚሉት ሳጥን ውስጥ ክራባት አስረህ ቁጭ ብለሃል አሉ። «ፈቃደ! እንዴት ነህ!» ብሎ ጮኸ። አንተ ዓይን ዓይኑን እያየህ ስለ ሱዳን ማውራትህን ቀጠልህ። እዚህ ተመልሶ «ልጃችሁ ኮርቷል፣ ሰላምታ ነሣኝ» እያለ ሲያማህ ሰነበተ። እኔና ሃሊማ ሆዳችንን ይዘን ሳቅን። ከደረትህ በታች እንደማትታይም ስለነገራቸው፣ የዓርብ ገበያው ሁሉ «የአሰፋሽ ልጅ እግር የለውም» ይለኝ ጀመር። እባክህ እግርህ ያለበት ፎቶግራፍ ላክልኝና አፋቸውን ላዘጋው።

አሁን ወደ ቁም ነገሩ ልግባ። ፊታውራሪ ሀብተወልድ፣ ከወንዙ ማዶ ያለው መሬት ባለቤት፣ ወኪሉን ልኮ ጭሰኞቹን «ከመኸር በኋላ ልቀቁ» አላቸው። በትራክተር አርሶ በርበሬ ሊተክልበት ነው። የሃሊማ ባል ሰይዶም አልቀረለትም። የጓሯቸውን እንሰት የሰይዶ አባት ነው በእጁ የተከለው። እናትህ አንተን ወልዳ ስትሞትብኝ፣ ሃሊማ ከእጄ ተቀብላህ ከልጇ ከሸረፋ ጋር በአንድ ጡት ያሳደገችህ እዚያ ጓሮ ውስጥ ነው። ይህን የምጽፈው ረስተኸዋል ብዬ ሳይሆን ሆዴ ስላልቻለ ነው።

ለኅዳር ሚካኤል አገረ ገዥው ከፊታውራሪው ጋር የአዲሱን ክሊኒክ ምረቃ ሊያዩ ይመጣሉ። ጭሰኞቹም እርጥብ ሣር ይዘው መንገድ ላይ ሊንበረከኩ ተማክረዋል። ሣር ይዞ ከለመነው ሰው እጅ ሣሩን የተቀበለ ልመናውንም ተቀበለ፣ ከዚያ ወዲያ ቃሉን ማጠፍ ነውር ነው፤ እዚሁ አድገህ ይህን እኔ አላስተምርህም። የምለምንህ አንድ ነገር ነው፤ ካሜራህን ይዘህ ና። ትልልቆቹ ሰዎች ይዩልን።

ያሳደገችህ አክስትህ
አሰፋሽ

አዲስ አበባ፣ ጥቅምት 27 ቀን 1965 ዓ.ም.

ለምወድሽና ለማከብርሽ ለእቴቴ፣

ለጤናሽ እንደምን አለሽ? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ። ሙስተፋን በእኔ ስም ይቅርታ ጠይቂልኝ። እኛ ከመብራትና ከካሜራ በቀር የሚታየን ነገር የለም፤ ቢታየኝማ ሱዳንን ትቼ «ሙስተፋ ሆይ» እል ነበር። ፎቶግራፉ ይኸው፤ እግሬም ጫማዬም አሉበት።

ሥራዬን ለማያውቁት እንድታስረጂልኝ ትንሽ ልጻፍ። ስገባ የውጭ ዜና ተርጓሚ ነበርሁ። ድምፄ ተወደደና ዜና አንባቢ አደረጉኝ። ካሜራ የሚይዝ ሰው ስላነሰ ደግሞ እሱንም ተማርሁ፤ ዛሬ የማነሣው ፊልም ሁሉ ከታየ በኋላ በማኅደር ይቀመጣል። የጥያ ትክል ድንጋዮች፣ የአገና ገበያ፣ የመስቀል ደመራችን፣ ሁሉም እኔ ያስገባሁት ነው። ሌላው አንባቢ ስለ ጉራጌ አገር ባነበበ ቁጥር ከጀርባው የሚታየው የእኔ ፊልም ነው። ብሞት እንኳ ይቀመጣል። ስለዚህ ነገር ስኮራ ብትሰሚ አትሳቂብኝ።

አንድ ነገር ግን እወቁ፤ ካሜራዬ ዓይን እንጂ ጆሮ የለውም። የሚያነሣው ፊልም ድዳ ነው፤ ቃሉን ኋላ ስቱዲዮ ተቀምጠን እኛ እናነብለታለን።

ለክሊኒኩ ምረቃ የሚሄድ ሰው ሲጠየቅ እጄን አነሣሁ። እመጣለሁ። ጋሼ ሰይዶ ፊት ለፊት ይሁን፣ ሣሩንም ከፍ አድርጎ ይያዝ በይልኝ። እናቴን ሃሊማን ጉልበቷን ስሚልኝ።

የአንቺው
ፈቃደ

ቡታጅራ፣ ኅዳር 20 ቀን 1965 ዓ.ም.

ለዓይኔ ማረፊያ ለፈቃደ፣

ሰላምታዬ ብዙ ነው፣ ቅሬታዬም አለ። ሃሊማ ቆጮውን ጋግራ፣ ቅቤውን አንጥራ ስትጠብቅህ፣ አንተ ከአገረ ገዥው መኪኖች ጋር በአቧራ ውስጥ ጠፋህ። «ልጄ ሥራ ላይ ነው» ብላ ራሷ ይቅርታ አደረገችልህ። እኔ ግን ገና ነኝ።

ደስታችንን ልንገርህ፤ አንተ በአንድ ዓይንህ ነው ያየኸው፣ እኛ በሁለት ዓይናችን። አገረ ገዥው ሣር የያዙትን እንዳላየ ሆኖ አለፈ። ፊታውራሪውም ሊያልፍ ነበር። አንተ ካሜራህን ደቅነህ ስትጠጋ ግን ፊቱ በራ፤ ጎንበስ አለና ሣሩን ከሰይዶ እጅ ወሰደው! በቀኝ እጁ፣ ሰው ሁሉ እያየ! እልልታው እስከ ክሊኒኩ ተሰማ። ሰይዶ እንደዚያ ሲያለቅስ አይቼው አላውቅም። ማታውኑ ፍየል አረደ።

«የፈቃደ ካሜራ አወጣችን» ይላሉ። ሽማግሌዎቹም «ሣሩ ከተወሰደ ነገሩ አልቋል» ብለው መረቁ። በርበሬውን በሌላ ቦታ ይትከል። አሁን የምንጠይቅህ ቀላል ነው፤ የሚታይበትን ቀን ንገረንና ሙስተፋ ሄዶ አይቶ ያውራልን።

አክስትህ አሰፋሽ

አዲስ አበባ፣ ጥር 14 ቀን 1965 ዓ.ም.

ለውድ አክስቴ፣

ስለ መዘግየቴ ይቅርታሽን እለምናለሁ፤ ሥራ በዝቶብኝ ነው። ከገና ወዲህ ዋናውን የማታ ዜና የማነበው እኔ ሆኛለሁ። ደስ እንደሚልሽ አውቃለሁ።

ፊልሙ ታይቷል፤ አለቆቼም ወደውታል። በማኅደርም ተቀምጧል። ዝርዝሩን ስንገናኝ አጫውትሻለሁ። ለእናቴ ለሃሊማ በዚህ መልእክተኛ እጅ ሻሽ ልኬአለሁ። ጋሼ ሰይዶን ሰላም በይልኝ።

አክባሪሽ ፈቃደ

ቡታጅራ፣ የካቲት 8 ቀን 1965 ዓ.ም.

ለፈቃደ፣

ሰላም ለአንተ ይሁን። ሹመትህን ሰማሁ፣ እንኳን ደስ ያለህ። ሻሹ ደርሷታል፤ ሃሊማ በሳጥን አስቀምጣዋለች። «ለዒድ» ብላለች።

ትራክተሩ መጣ። ማሳው ዳር ቆሞ ያድራል። ሰይዶ ሮጦ ፊታውራሪውን «ሣሬን ተቀብለው አልነበረም ወይ ጌታዬ?» ቢለው፣ «ክሊኒክ ስላሠራሁላችሁ አመሰገናችሁኝ፣ ምስጋናችሁን ተቀበልሁ። አገር በቴሌቪዥን አይቶታል» አለው።

ሙስተፋን ጠርቼ ጠየቅሁት። አይቷል ለካ! ወር ሙሉ አፍኖ ይዞት ኖሯል። «ጭሰኞች ለፊታውራሪው በደስታ ሣር ሲያበረክቱ» ተብሎ ተነበበ አለኝ። «ማን ነበር ያነበበው?» አልሁት። የቀረበለትን ሻይ ሲያማስል ቆየና «እትዬ አሰፋሽ፣ የሰው ድምፅ ይመሳሰላል» አለኝ። ያን ያህል ወሬኛ ሰው፣ ፎቶህን ቀና ብሎ ሳያይ ወጣ።

እኔም ሌላ አልጠየቅሁትም፤ አንተንም አልጠይቅህም።

ሽማግሌዎቹ ግን አልተዉትም። የሽማግሌ ቃል ካልቀናለት በርበሬውን የሚለቅምለት አንድ ሰው እንደማያገኝ ፊታውራሪው ያውቃል፤ ስለዚህ ከፋሲካ በኋላ ሊቀርብ እሺ ብሏል። ሽማግሌዎቹ «ሣሩ ለልመና ተያዘ ወይስ ለምስጋና? ምስክር ይምጣ» ብለዋል። የሰው ምስክር ሁሉ ወይ ጭሰኛ ነው ወይ የፊታውራሪው ሰው። ፊልምህን አምጣ። ሰው ተንበርክኮ፣ እያለቀሰ አያመሰግንም፤ ያዩታል።

አሰፋሽ

አዲስ አበባ፣ መጋቢት 15 ቀን 1965 ዓ.ም.

እቴቴ፣

እንደምን ሰነበትሽ? ይህን ደብዳቤ ስንት ጊዜ ጀምሬ ቀደድሁት።

ፊልም ከማኅደር አይወጣም። በአለቃ ፊርማ እንኳ ከግቢው አያልፍም። ብሰርቀውም ማሳያ መሣሪያው ኤሌክትሪክ ይፈልጋል፤ ሽማግሌዎቹ ሜዳ ላይ ሆነው ምን ያዩበታል? ይህ ሁሉ እውነት ነው። ይህን ሁሉ የምደረድረው ግን ሌላውን ላለመናገር እንደሆነ ታውቂያለሽ።

ድምፁ የእኔ ነው።

እንዴት እንደሆነ ስሚኝ። ፊልሙ ታጥቦ ሲመጣ አለቃዬ አየውና «አንተ የዚያ አገር ልጅ ነህ፣ ይህ ሣር ምንድነው?» አለኝ። ልመና ነው ብዬ ብነግረው ፊልሙ ያንኑ ጊዜ ወደ ቅርጫት ነበር የሚሄደው፤ የጭሰኛ አቤቱታ በዜና አይታይም። «የደስታ ነው» አልሁት። እዚህ ከተማ ሣር የሚታወቀው ለዓውደ ዓመት ቤት ሲጎዘጎዝ ነው፤ አመነኝ። ምስሉ ብቻ ይታይ፣ አገሩን የሚያውቅ ሰው ሲያይ ይገባዋል ብዬ ራሴን አሳመንሁ። ፊልሙን አድናለሁ ብዬ ሰዎቹን ሸጥኋቸው። ጽሑፉ ተተይቦ ሲመጣ የተጻፈው የእኔው ቃል ነበር። አነበብሁት። በሳምንቱ ሹመቱ መጣ።

ለሃሊማ አትንገሪያት።

ፈቃደ

ቡታጅራ፣ ሚያዝያ 3 ቀን 1965 ዓ.ም.

ፈቃደ፣

ለሃሊማ ነገርኋት። ጡቷን የጠባ ልጅ ነገር ከእሷ አይደበቅም። ሰማችኝና «ልጁ እንጀራውን እንዳያጣ፤ አታስጨንቂው» አለች። ሰይዶ ግን ተነሥቶ ወጣ፤ እንሰቱ መሐል ሲዘዋወር አመሸ።

ስማኝ። እኔ እንደሷ ደግ አይደለሁም። የባለቤቴ የዳኛ ጸሐፊነት አንድ ነገር አስተምሮኛል፤ ማስረጃ ቢጠፋ ምስክር ይቆማል። ፊልሙ ይቅር! ማኅደራችሁ ይብላው! አንተ ራስህ ና። ካሜራውን ይዘህ የነበርኸው አንተ ነህ፤ ሰይዶ «አትንቀሉኝ» ሲል አጠገቡ ነበርህ። ሽማግሌ ፊት ቁምና «የሰማሁት ልመና ነው፣ ያነበብሁት ሐሰት ነው» በል። ፊታውራሪውን የሚያሳፍረው የአንተው አፍ ነው፤ የሚመካው በሱ ነውና። ከሥራህ ሊያባርሩህ ይችላሉ። አውቃለሁ። አውቄ ነው የምጠይቅህ።

ቀኑ ሚያዝያ 30 ነው። ሽማግሌዎቹ ሁለተኛ ቀጠሮ አይሰጡም። የፋሲካን ዶሮ አላዘጋጅልህም፤ ለሱ ጊዜ አለን። አንተ ብቻ በእግርህ ና።

አሰፋሽ

አዲስ አበባ፣ ሚያዝያ 22 ቀን 1965 ዓ.ም.

እቴቴ፣

እንኳን ለብርሃነ ትንሣኤው አደረሰሽ። እመጣለሁ። በቀጠሮው ዋዜማ አውቶቡስ ተሳፍሬ አመሻሹን እደርሳለሁ። ለጋሼ ሰይዶ ንገሪው። ይህን ስጽፍ እጄ ቀለለኝ።

ልጅሽ ፈቃደ

ቡታጅራ፣ ግንቦት 9 ቀን 1965 ዓ.ም.

ለአቶ ፈቃደ፣

አውቶቡሱ ሲገባ ሰይዶ፣ ሃሊማና እኔ ቆመን ነበር። የወረደውን ሁሉ አየን። ሹፌሩ በሩን ከዘጋ በኋላም ሃሊማ በመስኮቱ ታይ ነበር።

በማግስቱ ሽማግሌዎቹ ዝግባው ሥር ተቀመጡ። ሰይዶን «ምስክሩ ይመጣል» እያስባልሁ ሁለቴ አስጠበቅኋቸው፤ በሁለተኛው ማንም ዓይኔን አላየም። ፊታውራሪው ማለ። «የምስጋና ሣር ነው» ብሎ ማለ፤ አበቃ። ከመሐል አንዱ ጎረምሳ «ድሮስ እግር የሌለው ሰው እንዴት ይመጣል?» ብሎ አሳቃቸው። እኔ የጻፍሁልህን ቀልድ በእኔው ላይ!

ያን ጊዜ ሃሊማ ተነሣች። ሴት በዚያ ሸንጎ አትናገርም፤ እሷ ግን ተናገረች። «ልጄን እግር የለውም አትበሉት። ድክ ድክ ያለው በእኔ ደጅ ነው፤ እግር እንዳለው እኔ አውቃለሁ» አለች። ሳቁ ቆመ። ቁጭ አለች፤ ከዚያ ወዲያ ስላንተ አላነሣችም።

ሰኞ ትራክተሩ ገባ። እንሰቱን በአንድ ቀን ፈነቀለው። ሰይዶና ሃሊማ ዕቃቸውን በአህያ ጭነው ሄደዋል። ወዴት እንደሆነ እኔ አውቃለሁ፤ አንተ ማወቅ የለብህም። ሻሹን ትታልህ ሄዳለች፣ ከነመጠቅለያው እኔ ዘንድ አለ።

የቀረኸው ለምን እንደሆነ አትጻፍልኝ። ምንም ብትጽፍ በዚያ ድምፅ ነው የማነበው።

አሰፋሽ

አዲስ አበባ፣ ሐምሌ 8 ቀን 1966 ዓ.ም.

እቴቴ፣

ዓመት ከሁለት ወር ዝም አልሁሽ። ጤናሽን ከሙስተፋ እየጠየቅሁ ከርሜያለሁ። እሱ አሁንም ሲያየኝ ድምፁን ከፍ አድርጎ ሰላም ይለኛል፤ ቴሌቪዥን ውስጥ ያለሁ ይመስለዋል መሰለኝ።

አትጻፍ ያልሽውን እጽፋለሁ። ያን ቀን አውቶቡስ ተራ ደርሼ፣ ትኬት ይዤ ነበር። ከቢሮ ሰው ላኩብኝ፤ ትልቅ የውጭ እንግዶች ስብሰባ አለ፣ አንተ ነህ የምታነበው አሉኝ። እምቢ ማለት እችል ነበር። ደስ ብሎኝ ተመለስሁ። ይህን ደስታዬን ነው ለማንም ያልተናገርሁት፤ ምክንያት ሲሰጡኝ እፎይ አልሁ።

አሁን ደግሞ ዘመኑ እየተለወጠ ነው፤ ትሰሚያለሽ። ትናንት አዲሶቹ አለቆች ማኅደር አስከፍተው ያንን ፊልም አወጡት። «ጭሰኞች በባላባቱ እግር ሥር ወድቀው ሲማፀኑ» የሚል ጽሑፍ ሰጡኝ። አነበብሁት። እውነት ነው፣ ቃል በቃል እውነት ነው። ጋሼ ሰይዶ ሣሩን ከፍ አድርጎ፣ እኔ እንዳልሁት ፊት ለፊት ተንበርክኳል። ሳነብ ድምፄ አልተንቀጠቀጠም። የዚያን ጊዜም አልተንቀጠቀጠም ነበር። ሰዎቹ እጄን ጨብጠው አመሰገኑኝ።

ያን ጊዜ ድምፄን አውሼ ልመናቸውን አሳጣኋቸው፤ ዛሬ ስመልስላቸው ደግሞ ሊሰሙት የሚገባቸው እነሱ የሉም። ጠዋት የመልቀቂያ ማመልከቻ አስገባሁ። ጀግንነት አድርገሽ አትቁጠሪልኝ፤ መናገር ያለብኝን መናገር ስላቃተኝ ነው። እነሃሊማ የት እንዳሉ ንገሪኝ።

ፈቃደ

ቡታጅራ፣ ሐምሌ 20 ቀን 1966 ዓ.ም.

ፈቃደ፣

ወልቂጤ ናቸው። የሃሊማ ወንድም ሙሀመድአወል እዚያ ወፍጮ ቤት አለው፤ ሰይዶ ከረጢት ይሸከማል። በዚህ ዕድሜው።

ለእኔ ከእንግዲህ ከዚያ ሳትደርስ አትጻፍልኝ። ክረምት ነው፣ መንገዱ ጭቃ ነው። መኪናው ከቆመብህ በእግርህ ሂድ።

አክስትህ አሰፋሽ

ወልቂጤ፣ ነሐሴ 4 ቀን 1966 ዓ.ም.

ለእናቴ ለእቴቴ አሰፋሽ፣

ሰላምታዬ ይድረስሽ። መኪናው ጭቃ ውስጥ ተቀርቅሮ ቀረ፤ ግማሹን መንገድ በእግሬ መጣሁ። ከተማው ሳልገባ ከመንገድ ዳር እርጥብ ሣር ነጨሁ።

ወፍጮ ቤቱ ደጃፍ ደርሼ ተንበረከክሁ፤ ሰው ተሰበሰበ። አንዱ አወቀኝና «የቴሌቪዥኑ ሰውዬ ነው!» አለ። ጋሼ ሰይዶ ፊቱ በዱቄት ነጥቶ ወጣ፣ አየኝና ተመልሶ ገባ። ከዚያ እናቴ ሃሊማ ወጣች። አርጅታለች። «አሰላሙ ዓለይኩም» አለችኝ፣ እንደ እንግዳ። የማነበው ጽሑፍ አልነበረኝም። ሣሩን ብቻ ከፍ አድርጌ ያዝሁ።

አልተቀበለችኝም።

«ሣር ተቀብሎ የዋሸ ሰው አይቻለሁ፤ እኔ ሆዴ ሳይቆርጥ አልቀበልም» አለች። ገብታ በሩን ትዘጋለች ብዬ ስጠብቅ፣ ውሃ በገበቴ ይዛ ተመለሰች። ጫማዬን አወለቀችው። ጭቃውን ከእግሬ በእጇ አጠበችው፤ እንደ ልጅነቴ ጣት ለጣት እየለየች። ሰው ሁሉ እያየ ነበር። ጨርሳ «ግባ፣ ብላ» አለችኝ፤ ሣሩን ግን ዘልላው ሄደች።

ይህን የምጽፍልሽ ከወፍጮው ጓዳ ሆኜ ነው። ጋሼ ሰይዶ እስካሁን አላናገረኝም፤ ከረጢት ሳነሣለት ግን አልከለከለኝም። ሣሩ ደርቋል። ነገ ጠዋት ሌላ እነጭና ደጁ ላይ እንበረከካለሁ።

እግርህ አለ ወይ ብለው ለሚጠይቁሽ፣ ሃሊማ አጥባዋለች በያቸው።

ልጅሽ
ፈቃደ